ዮሺሚትሱ በ«ቴከን»፦ የጎራዴው ብርታትና ድክመት

ዮሺሚትሱን ለመምረጥ የሚያስብ ተጫዋች አስቀድሞ ሊረዳው የሚገባው ነገር ጎራዴው ከሩቅ ለመምታት የተሰጠው አለመሆኑን ነው። «ቴከን» በተባለው የፍልሚያ ቪዲዮ ጨዋታ ውስጥ ሌሎቹ ተፋላሚዎች በአብዛኛው በቡጢ፣ በእርግጫና በትግል ሲፋለሙ እርሱ ስለት ይዞ ስለሚገባ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያየው ሰው በርቀት ቆሞ እየቆራረጠ የሚያሸንፍ ይመስለዋል፤ ነገር ግን ከጎራዴ ምቶቹ ሁሉ ዋናው የሚሠራው ተቃዋሚው አፍንጫው ሥር ሲደርስ ብቻ ነው። ይህን ግምገማ የምጽፈው በአራት ኪሎና በፒያሳ ዙሪያ ባሉ ጌም ቤቶች ሰባተኛውንና ስምንተኛውን ዕትም በዚሁ ገጸ ባሕርይ ስጫወት ካየሁት ተነሥቼ ነው። ፒያሳ ስል ከኮሪደር ልማቱ በኋላ የቀሩትን ማለቴ ነው፤ ቀድሞ እንቀመጥባቸው ከነበሩት ቤቶች አንዳንዶቹ ዛሬ መንገድ ሆነዋል።

ናምኮ እ.ኤ.አ. በ1994 የመጀመሪያውን «ቴከን» ለአርኬድ ማሽን ሲያወጣ ዮሺሚትሱ ከተፋላሚዎቹ አንዱ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ በወጡት ዋና ዋና ዕትሞችም ሁሉ አልቀረም። በታሪኩ ውስጥ ማንጂ የተባለ፣ ከሀብታም ሰርቆ ለድኃ የሚያካፍል ቡድን መሪ ነው፤ መልኩ በየዕትሙ ስለሚለዋወጥ በሰባተኛው ዕትም ኦክቶፐስ መስሎ ብቅ ያለውን ሰው ከቀድሞው ጋር የሚያገናኘው ጎራዴውና ጭምብሉ ብቻ ነበር ማለት ይቻላል። ይኸው ኩባንያ ባወጣው «ሶልካሊበር» ውስጥም በዚሁ ስም የሚጠራ ባለ ጎራዴ አለ፤ ሆኖም ያ ጨዋታ ሁሉም መሣሪያ ታጥቆ የሚገባበት በመሆኑ ሁለቱን ማወዳደር እምብዛም አይጠቅምም።

የዮሺሚትሱ ዋጋ በአብዛኛው ያረፈው «ፍላሽ» በተባለው አንድ ምት ላይ ነው። ካሬውና ክቡ ቁልፍ በአንድ ጊዜ ሲጫኑ ጎራዴውን በፊቱ በኩል ብልጭ ያደርገዋል፤ የተጠጋውንም ያገኘዋል። ጨዋታው በሰከንድ 60 ፍሬም፣ ማለትም 60 ነጠላ ምስል፣ እያሳየ የሚሄድ ሲሆን፣ የአብዛኞቹ ተፋላሚዎች ፈጣን ምት የሆነው ተራ የግራ እጅ ቡጢ፣ ተጫዋቾች ጃብ የሚሉት፣ ለመድረስ 10 ፍሬም ይፈጅበታል። ፍላሽ በ6 ፍሬም፣ ማለትም በሰከንድ አንድ አሥረኛ፣ ይደርሳል። የ4 ፍሬም ልዩነት ከኋላ ቆሞ ለሚመለከት ሰው ምንም አይደለም፤ ጆይስቲክ ለያዘው ግን ተራ የመጠበቅን ሕግ የሚያፈርስ ነው።

አንድ ምሳሌ ብንወስድ ነገሩ ግልጽ ይሆናል። ተቃዋሚው የመታውን ዮሺሚትሱ መክቶ፣ ከምከታው በኋላ ተቃዋሚው በ3 ፍሬም ቀድሞ መንቀሳቀስ የሚችል ሆነ እንበል። ከማንኛውም ሌላ ገጸ ባሕርይ ጋር ቢሆን ኖሮ ተቃዋሚው ያለ ሥጋት በጃብ ይቀጥላል፤ ምክንያቱም ጃቡ ከመካቹ አንጻር በ7ኛው ፍሬም ስለሚደርስና በዚያ ጊዜ ውስጥ ሊቀድመው የሚችል ምት ስለሌለ ነው። ፍላሽ ግን በ6ኛው ፍሬም ደርሶ ያቋርጠዋል። ብልጫው 4 ፍሬም ከሆነ ሁለቱ እኩል ይመታታሉ፤ 5 ሲሆን ጃቡ ይቀድማል። ስለዚህ ዮሺሚትሱን የሚገጥም ሰው ከማንም ጋር ደኅና የሆኑ ልማዶቹን በሙሉ እንደገና ማስላት ይኖርበታል፤ ሲያጠቃ የኖረውም ሰው በመሐል መቆም፣ ማመንታትና መመከት ይጀምራል። ለእኔ የገጸ ባሕርዩ ትልቁ ብርታት ይህ የተቃዋሚን ፍጥነት ማስቆሙ ነው እንጂ ምቱ ራሱ የሚያደርሰው ጉዳት አይደለም። ፍላሽን በአንድ ራውንድ አንድ ጊዜ ብቻ ያሳየ ተጫዋች፣ ከዚያ በኋላ ምንም ሳይጫን የተቃዋሚውን ጥቃት ግማሽ በግማሽ ሊቀንሰው ይችላል።

ዕዳውም የዚያኑ ያህል ነው። ፍላሽ አጭር ነው፤ ተቃዋሚው ትንሽ ወደ ኋላ ካለ አየሩን ይመታል። ተቃዋሚው ጥቃቱን አቋርጦ ከመከተ ደግሞ ዮሺሚትሱ ጎራዴውን እስኪመልስ ድረስ ራሱን መከላከል አይችልም፤ ልምድ ያለው ሰውም በዚያች ክፍተት ወደ አየር አንሥቶ ሙሉ ኮምቦ፣ ማለትም የማይቋረጥ የምት ሰንሰለት፣ ያወርድበታል። ፍላሽን በየአጋጣሚው የሚጫን ተጫዋች የሚሸነፈው በተቃዋሚው ብርታት ሳይሆን በገዛ አውራ ጣቱ ነው፤ በምሽት ወረፋ ላይ ከሚታዩት የዮሺሚትሱ ሽንፈቶች አብዛኞቹ ከዚህ የመጡ ናቸው ብል ማጋነን አይሆንም።

ከዚህ ላይ በሌሎች ግምገማዎች የማይነሣ፣ ለእኛ ቤቶች ግን ወሳኝ የሆነ ጉዳይ አለ። በፕሌይስቴሽን ጆይስቲክ ላይ ካሬው በግራ፣ ክቡ በቀኝ ጫፍ በመሆናቸው ሁለቱን በአንድ አውራ ጣት ሲጫኑ ጣቱ በመሐል ያለውን ሦስት ማዕዘን ወይም ኤክስ የመንካት ዕድሉ ሰፊ ነው። በአዲስ ጆይስቲክ በልምምድ ይለመዳል። ብዙ እጅ ባለፈበት፣ ካሬው ሰምጦ ክቡ በላላበት ጆይስቲክ ግን ፍላሽ የታሰበበት ቦታ ላይ ተራ እርግጫ ይወጣል፤ እርግጫውም በ6 ፍሬም ስለማይደርስ ቅጣቱን መቀበል ነው። መፍትሔው ከጨዋታው የቁልፍ ማስተካከያ ገብቶ የሁለቱን ቁልፎች ጥምረት ከላይ ካሉት የትከሻ ቁልፎች ለአንዱ መስጠት ነው። ጨዋታው ይህን ይፈቅዳል፤ የጌም ቤቱ ልጅ ግን ሁልጊዜ አይፈቅድም፤ ምክንያቱም ቀጥሎ የሚቀመጠው ሰው ጆይስቲኩ ተበላሽቷል ብሎ ስሞታ ያቀርባል። ማስተካከያውን ከጨዋታ በኋላ ወደ ነበረበት መመለስ ተገቢ ጨዋነት ነው።

ቴሌቪዥኑም ድርሻ አለው። የጌም ሞድ ቅንብሩ ያልተከፈተበት ትልቅ ስክሪን ምስሉን በጥቂት ፍሬሞች ሊያዘገየው ይችላል፤ ፍላሽን አይቶ ሳይሆን ገምቶ የሚጫን ሰው ብዙም አይጎዳ ይሆናል፤ የተቃዋሚውን ዝቅ ያለ ምት አይቶ ለመመከት ለሚሞክር ግን ያች መዘግየት ራውንድ ታሳጣለች። በቂ ጥንቃቄ ያለው ቤት ይህን ቅንብር ከፍቶ ይተዋል፤ ሪሞቱን ጠይቆ ማረጋገጥም ነውር የለውም።

ሌሎቹን የጎራዴ ምቶች በአጭሩ ላልፋቸው እችላለሁ። አንዳንዶቹ ሊመከቱ የማይችሉ ናቸው፤ ይህ ሲነገር ያስፈራል፤ ነገር ግን እጁን አንሥቶ እስኪያወርደው የሚፈጀው ጊዜ ረጅም ስለሆነ ወደ ጎን አንድ እርምጃ መሸሽ ወይም ቀድሞ መምታት በቂ ነው። ጀርባውን ለተቃዋሚው ሰጥቶ ጎራዴውን በገዛ ሆዱ የሚያሳልፍበት ምት ከሁሉም በላይ ተመልካች ያስጮኻል፤ ከኋላው የቆመውን በርግጥ ይወጋል፣ የራሱንም ጤና ይወስዳል። በእጁ ጀርባ እየተሽከረከረ የሚመታበት ጥቃትም እንዲሁ ነው፤ ደጋግሞ ካሽከረከረ ራሱን አዙሮት ይወድቃል፤ ለወደቀ ዮሺሚትሱ ደግሞ የሚያዝን ተቃዋሚ አላየሁም። እነዚህ ምቶች ለሣቅ ጥሩ ናቸው። ተሸናፊ ሒሳቡን ከፍሎ በሚነሣበት ወንበር ላይ ግን ሣቁ ዋጋ አለው።

ይልቅስ ከጎራዴው ምቶች የበለጠ ትኩረት የሚገባው አቋቋሞቹ ናቸው። ዮሺሚትሱ እግሩን አጣጥፎ መሬት ላይ ይቀመጣል፣ በጎራዴው ላይ ቆሞ ይዘላል፣ ጎራዴውን እንደ ሄሊኮፕተር ክንፍ አሽከርክሮ ይንሳፈፋል፤ ጎራዴውን አስቀምጦ በባዶ እጅ የሚፋለምበት አቋቋምም አለው። ከእያንዳንዱ አቋቋም የሚወጡት ምቶች የተለያዩ በመሆናቸው ተቃዋሚው ላይ ይመታል ወይስ ታች የሚለውን ለመገመት መጀመሪያ አቋቋሙን ለይቶ ማወቅ ይኖርበታል። እግሩን አጣጥፎ ሲቀመጥ የተጎዳ ጤናውን በጥቂት በጥቂቱ ማገገም መቻሉ ደግሞ ሌላ ጥቅም ያመጣል፤ ተቃዋሚው ርቆ መጠበቅን ቢመርጥ ሰዓቱ ለዮሺሚትሱ ይሠራለታልና ሳይወድ መቅረብ ይገደዳል። ሲቀርብ ደግሞ ወደ ፍላሽ ክልል ገባ ማለት ነው። ተቀምጦ ሳለ ተሰውሮ ከተቃዋሚው ጀርባ ብቅ ማለትም ይችላል፤ ይህን ለመጀመሪያ ጊዜ የሚያይ ሰው ጆይስቲኩን ወደ የትኛው አቅጣጫ ይዞ እንደሚመክት ግራ ይገባዋል።

ይህ ሁሉ ብርታት ታዲያ ተቃዋሚው ባለማወቁ ላይ በእጅጉ የተመሠረተ ነው፤ በእኔ ግምት የገጸ ባሕርዩ ዋና ድክመትም እዚሁ ላይ ይገኛል። ከስታዲየም ወይም ከሜክሲኮ አካባቢ የመጣ፣ በዚያ ቤት ማንም የማያውቀው ተጫዋች ዮሺሚትሱን ይዞ ሲቀመጥ በተከታታይ ብዙ ሰው ሊያስነሣ ይችላል። በየቀኑ ከተመሳሳይ ልጆች ጋር የሚጫወት ሰው ግን ያው ገጸ ባሕርይ በሳምንታት ውስጥ ሲደክምበት ያያል፤ መቀመጡን ሲያዩ ሮጠው ይመቱታል፣ ሲንሳፈፍ ይጠብቁታል፣ ፍላሽን ለማስወጣት ሆን ብለው ጥቃታቸውን በመሐል ያቆማሉ። ከአቋቋም ወደ አቋቋም ሲሸጋገር የሚፈጠረው ክፍተት በተለይ ከታወቀ በኋላ አይሸፈንም። የለመዱት ተቃዋሚ ፊት ለመቆም መሠረታዊውን ነገር፣ ማለትም ወደ ኋላና ወደ ጎን መንቀሳቀስን፣ መመከትንና ትንንሽ ደኅና ምቶችን ማወቅ ያስፈልጋል። እነዚህን ደግሞ ፖል ወይም ጂን ከተባሉት ተፋላሚዎች ጋር መማር ይቀላል፤ የዮሺሚትሱ የምት ዝርዝር ረጅም በመሆኑ ጀማሪው የቱን ይዞ የቱን እንደሚተው ለመለየት ብቻ ረጅም ጊዜ ይፈጅበታል።

ስለ ሁለቱ ዕትሞች ልዩነት አንድ ነገር ሳልናገር ባልፍ ግምገማው ጎዶሎ ይሆናል። እ.ኤ.አ. በጥር 2024 ለፕሌይስቴሽን 5፣ ለኤክስቦክስና ለኮምፒውተር የወጣው ስምንተኛው ዕትም «ሂት» የሚባል ሥርዓት ጨምሯል፤ እያንዳንዱ ተፋላሚ በአንድ ራውንድ አንድ ጊዜ ወደዚህ ኃይል ገብቶ ለጥቂት ሰከንዶች በተቃዋሚው ላይ ይበረታል፤ የተመከተ ምትም ሳይቀር ጤና ይቀንሳል። ጨዋታው በአጠቃላይ አጥቂውን የሚደግፍ ስለሆነ አጥቂን የሚያቋርጥ ምት ያለው ሰው ይጠቀማል ብሎ ማሰብ ተገቢ ነው፤ በከፊልም እውነት ነው። ነገር ግን ተቃዋሚው ይህን ኃይል ተጠቅሞ ወደ ፊት በሚወረወርበት ሂት ዳሽ ሲመታ ዮሺሚትሱ ቢመክተው እንኳ አጥቂው የ5 ፍሬም ብልጫ ይዞ ይቀራል፤ ከላይ እንደተሰላውም በ5 ፍሬም ብልጫ ጃብ ፍላሽን በ1 ፍሬም ይቀድመዋል። አጥቂው ከጃብ ይልቅ 13 ፍሬም የሚፈጅ፣ በመካከለኛ ከፍታ የሚያርፍ ምት ከመረጠ ግን ፍላሽ አሁንም ያገኘዋል። እዚህ ላይ የሚለየው ተቃዋሚው ይህን ስሌት ማወቁ ወይም አለማወቁ ነው፤ የሚያውቅ ከሆነ በስምንተኛው ዕትም የዮሺሚትሱ መከላከያ ከሰባተኛው ይልቅ የሳሳ ነው።

በዚህ መሠረት ገና ጨዋታውን ለሚጀምር ሰው ዮሺሚትሱን አልመክርም። ሌላ ገጸ ባሕርይ ይዞ በጌም ቤት ወንበር ላይ መቆየት ለቻለ፣ ሁለተኛ ተፋላሚ ለሚፈልግ ሰው ግን ዋጋው ከፍተኛ ነው። እንዲህ ያለው ሰው ከፍላሽ፣ ከአንድ ዝቅ ያለ ምትና ከተቀምጦ ማገገም ቢጀምር፣ ሌሎቹን አቋቋሞች ለኋላ ቢያቆይ ይበቃዋል። በፕሌይስቴሽን 4 ሰባተኛውን ዕትም የሚያስከፍቱ ቤቶች ለዚህ ልምምድ ይሻላሉ፤ ከሰዓት በፊት፣ ተማሪው ሳይወጣና ወረፋው ሳይጠነክር፣ በሰዓት ከፍሎ የልምምድ ክፍሉን ማስከፈትና የትከሻ ቁልፉን አስተካክሎ ፍላሽን ከምከታ በኋላ ደጋግሞ ማውጣት ይቻላል። ብዙ ባለቤቶች ጠዋት ላይ ቤቱ ባዶ ስለሚሆን አይከለክሉም፤ መብራት ካልሄደ በስተቀር።