ስሌይ ዘ ስፓየር፦ ምርጥ ጌም፣ ዓላማ የሌለው ጀግና

ጌሙን እወደዋለሁ፣ ይሄን ከወዲሁ ልናገር። ስሌይ ዘ ስፓየር በመጫወቻ ካርታ እየተዋጋችሁ ማማ የምትወጡበት ጌም ነው፤ ሙሉ ሆኖ የወጣው እ.ኤ.አ. በ2019 ሲሆን አሁን በስልክም ይገኛል። አይረንክላድ የሚባለውን ተዋጊ ይዛችሁ በ80 የሕይወት ነጥብና በ10 ካርታ ትጀምራላችሁ፣ ካሸነፋችሁ አዲስ ካርታ ትመርጣላችሁ፣ ከሞታችሁ ደግሞ እንደገና ከታች ነው፤ መንገዱም ጠላቶቹም በየዙሩ ስለሚቀያየሩ «አንዴ ብቻ ልጫወት» እያላችሁ ሌሊቱ ይነጋል። ስሌቱ እንከን አይወጣለትም።

ቅሬታዬ ጀግኖቹ ላይ ነው። ከማሸነፍ ሌላ የሚፈልጉት ነገር የለም።

አንድ ቦታ ልጥቀስ። የመጀመሪያውን ክፍል ስትወጡ አንዳንዴ መንገድ ላይ ሬሳ ታገኛላችሁ። ከእናንተ በፊት ማማውን ሊወጣ ሞክሮ የወደቀ ሰው ነው። ያላችሁ ምርጫ ሁለት ብቻ ነው፦ ዕቃውን መበርበር ወይ ጥሎ መሄድ። ከበረበራችሁ ወርቅ ልታገኙ ትችላላችሁ፣ የገደለው አውሬም ተመልሶ ሊመጣባችሁ ይችላል። ማን ነበር? ለምን መጣ? አፈር የሚያለብሰውስ? ጀግናችን ግድ የለውም። እዚህ ጋ ስደርስ ሁሌም ቅር ይለኛል።

የሚያናድደው ጌሙ ለትልቅ ነገር ተቃርቦ መመለሱ ነው። ወደ መጨረሻው ክፍል ለመግባት ሦስት ቁልፎች ያስፈልጋሉ። ቀዩን ከፈለጋችሁ እሳቱ ዳር ማረፉ ይቀርባችኋል፤ ሰማያዊውን ካነሳችሁ ሳጥኑ ውስጥ ያለውን ዕቃ ትታችሁ ትሄዳላችሁ። መሥዋዕትነት እኮ ነው! ታዲያ ለምን? የማማውን ልብ ለመግደል። ሌላ ድል፣ በቃ።

እ.ኤ.አ. በ2018 የወጣውን ሴሌስት የሚባለውን ጌም እዩት። እሱ ማማ ሳይሆን ተራራ ነው፣ መውጣቱ ግን ያው መውጣት ነው። ማደሊን የምትባለው ልጅ የምትፈራውን የራሷን ሌላ ገጽ ትታው ልትሄድ ስትል እስከ ተራራው ሥር ትወድቃለች፤ ከእሷ ጋር ስትታረቅ ነው አየር ላይ ሁለቴ መወርወር የምትችለው፣ ማለትም እርቁን በወሬ ሳይሆን በጣታችሁ ነው የምታውቁት። ጫፍ ስትደርስ ለምን እንደወጣች ይገባችኋል፣ ለእሷም ደስ ይላችኋል።

ማሰብና ማስላት የምትወዱ ስሌይ ዘ ስፓየርን ያለ ማመንታት ግዙት። አብራችሁት የምትጨነቁለት ሰው ከፈለጋችሁ ግን ሴሌስትን አስቀድሙ።