ነፃው ዳቪንቺ ሪዞልቭ ለአኒሜሽን ኤዲተር፦ ደሴ ላይ ሲሠራበት

ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ኤዲቲንግ ሲባል በአብዛኛው የሠርግና የክሊፕ ሥራ ነው። በእጅ የተሳለ አኒሜሽን ግን ሌላ ዓይን ይፈልጋል፤ ነፃውን የቪዲዮ ኤዲቲንግ ፕሮግራም ዳቪንቺ ሪዞልቭን እዚህ የምንመዝነው በዚያ ዓይን ነው።

የጃፓን አኒሜሽን ፊልሞቹን «አኪራ»ንና «ጎረቤቴ ቶቶሮ»ን በ1988 እ.ኤ.አ.፣ ኋላም በ2001 «ስፒሪትድ አዌይ»ን ኤዲት ያደረጉት ታኬሺ ሴያማ ናቸው። በጃፓን የሾቱ (ከአንድ ቁርጥ እስከ ቀጣዩ ያለው ምስል) ርዝመት ሥዕሉ ሳይጀመር ስቶሪቦርዱ (የፊልሙ የሥዕል ዕቅድ) ላይ በሰከንድና በፍሬም፣ ማለትም በነጠላ ምስል ቁጥር ይጻፋል። ለኤዲተሩ የሚተርፉት ጥቂት ፍሬሞች ናቸው፤ ሙያው የሚታየውም እነሱ ላይ ነው። በ35 ሚሊሜትር ፊልም አንድ ሰከንድ 24 ፍሬም፣ 46 ሳንቲሜትር ገደማ ይሆናል።

ሪዞልቭ ለዚህ ጥቃቅን ሥራ በጣም ይመቻል። ቲን ተጭኖ የሾቱን ጠርዝ መምረጥ፣ ከዚያ በኮማና በነጥብ ቁልፍ አንድ አንድ ፍሬም መቀነስ ወይም መጨመር ነው። ቡና ሲቀዳ የሚያሳይ ሾት ይታሰብ። ጀበናው ቀና ብሎ እጁ እስኪቆም ከተጠበቀ ሾቱ ይሞታል። ሊቆም 4 ፍሬም ሲቀረው ወደ ሲኒው ከተቆረጠ ግን እንቅስቃሴው ተመልካቹን ይዞት ይሻገራል። ሥዕሉ በሰከንድ 12 ከሆነ እያንዳንዱ ሥዕል 2 ፍሬም ስለሚቆይ አቆራረጡም በጥንድ ይሁን፤ ካልሆነ የመጨረሻው ሥዕል ብልጭ ብሎ ይጠፋል።

ብዙዎችን የሚያስለቅሰው የፍሬም ሬት፣ ማለትም በሰከንድ የሚታየው የፍሬም ብዛት ነው። ምንም ነገር ከማስገባት በፊት ፕሮጀክት ሴቲንግ ገብቶ 24 መምረጥ ግድ ነው፤ ምስል ከገባ በኋላ ይቆለፋል። በቴሌቪዥን ሬት፣ በሰከንድ 25 ፍሬም የተከፈተ ፕሮጀክት 240 የፒኤንጂ ምስሎችን በ25 ካነበበ 10 ሰከንዱ 9.6 ይሆናል፤ መጨረሻው ላይ አፍ ከድምፅ 10 ፍሬም ይቀድማል። በዚህ ጊዜ ከመጠጋገን አዲስ ፕሮጀክት መክፈት ይሻላል። የምስሎቹ ቁጥርም አይዘለል፤ 91ኛው ከጠፋ አንዱ ሾት ሁለት ክሊፕ ሆኖ ይገባል።

ኮምፒውተሩን በተመለከተ 16 ጊጋ ራም ያስፈልጋል፤ ግራፊክስ ካርዱ ደካማ ከሆነ ፕሮክሲ (ለኤዲቲንግ ብቻ የሚያገለግል ቀለል ያለ ቅጂ) ማሠራት ነው። መብራት ድንገት ሲጠፋ ላይቭ ሴቭ (ለውጡን ወዲያው የሚያስቀምጠው አማራጭ) ሥራውን ያተርፋል፤ ይህን አማራጭ ማጥፋት አይገባም። ማውረጃው ከ2 ጊጋ በላይ ስለሆነ በሞባይል ዳታ ከመሞከር ካለው ሰው በፍላሽ መውሰድ ይቀላል። ለአማርኛ ጽሑፍ የግዕዝ ፊደል ያለው ፎንት ካልተመረጠ ባዶ ሳጥን ይደረደራል።

ነፃው እትም እስከ 3840 በ2160 ኤክስፖርት ያደርጋል፤ ለዚህ ሥራ 295 ዶላር ከፍሎ «ስቱዲዮ» የተባለውን እትም መግዛት አያስፈልግም። የማንወድለት አንድ ነገር አለ፦ ፕሮጀክቱ የሚቀመጠው በራሱ ዳታቤዝ ውስጥ ነው። ፎልደሩን ብቻ ገልብጦ ከደሴ ወልድያ የሄደ ሰው እዚያ የሚያገኘው ሥዕሎቹን ብቻ ነው፤ አቆራረጡ የለም። ከመነሳቱ በፊት ፕሮጀክቱን በአርካይቭ ያውጣው፤ ምስሎቹም አቆራረጡም አብረው ይሄዳሉ።