«የተረሳ ኢሜይል እንከፍታለን» ለሚሉ ቀብድ አትክፈሉ

የሀዋሳ ነዋሪዎች፣ በተለይ ስልክ ቀይራችሁ የኢሜይል የይለፍ ቃል የጠፋባችሁ፣ ወደ ሱቅ ከመሄዳችሁ በፊት የደረሰብኝን ስሙ።

የስልኬ መስታወት ተሰንጥቆ አዲስ ገዛሁ። አዲሱ ስልክ የጂሜይሌን የይለፍ ቃል ጠየቀኝ። ከስንት ዓመት በፊት ያወጣሁትን ማን ያስታውሰዋል? የልጆቼ ፎቶ፣ የሰው ሁሉ ስልክ ቁጥር፣ የሥራ ማስረጃዬ እዚያ ውስጥ ነው። መናኸሪያ አካባቢ ከአንዲት ጠባብ የስልክ ጥገና ሱቅ በር ላይ «የተረሳ ኢሜይል እንከፍታለን» የሚል ካርቶን ተሰቅሎ አይቼ ገባሁ።

«እናቴ፣ አይጨነቁ፤ የአሥር ደቂቃ ሥራ ነው» አለኝ ልጁ። በ800 ብር ተስማማን፤ 400 ቀብድ ሰጠሁት። የኮምፒውተሩን ስክሪን ወደ ራሱ አዙሮ ጥቂት እንደነካካ በእጄ ያለው ስልክ ጮኸ። ስድስት አሃዝ የያዘ የጉግል መልእክት ነበር፤ ከቁጥሩ ቀጥሎ ለማንም እንዳይሰጥ የሚያስጠነቅቅ ቃል አለው። እኔ ግን ቁጥሩን ብቻ፣ ያውም ጮክ ብዬ፣ ሁለት ጊዜ አነበብኩለት።

«ተከፍቷል። ጥበቃው ከባድ ስለነበር ግን 1,500 ይጨምሩ፤ አዲሱን የይለፍ ቃል እሰጥዎታለሁ» አለኝ። ተናድጄ ወጣሁ።

ማታ የእህቴ ልጅ ደወለችልኝ። የእሷን ኢሜይል የአካውንቴ መልሶ ማግኛ አድርጋ አስመዝግባልኝ ኖሯል፤ ስልክ ቁጥሬ በሌላ መተካቱን የሚገልጽ ማሳወቂያ ደርሷታል። ለካስ ልጁ የእኔን ቁጥር አውጥቶ የራሱን አስገብቷል! ቤቱን ከፍቶ ቁልፉን ኪሱ ከተተው ማለት ነው።

የከፈልኩበት ሥራ «የይለፍ ቃል ረሱ?» የሚለውን መጫን ብቻ ነበር። ጉግል ለዚህ አምስት ሳንቲም አይጠይቅም። በሱቅም ሆነ በቴሌግራም «እናስመልሳለን» ከሚሉት ጋርም ምንም ዓይነት ሥራ የለውም። እንዲያውም የሰው ኮምፒውተር ላይ መሞከር ጉዳት አለው፤ ጉግል የሚያምነው ከዚህ በፊት የገባችሁበትን ስልክና የለመዳችሁትን ቦታ ነው።

የእህቴ ልጅ ያንን መስታወቱ የተሰነጠቀ ስልክ ቻርጅ አድርጋ፣ በቤታችን ዋይፋይ፣ የማስታውሰውን የድሮ የይለፍ ቃል አስገብታ ሞከረች። መልሶ ማግኛ ቁጥር ሲቀየር የቀድሞው ለ7 ቀን ሊያገለግል ይችላል፤ እኛ የደረስነው በሦስተኛው ቀን ነበር። የጉግል ማረጋገጫ ቁጥሩ ወደ እኔው ሲም መጣ። ገብታ የልጁን ቁጥር ሰረዘች፣ የይለፍ ቃሉን ቀየረች፣ በሌላ መሣሪያ የተከፈተውን ሁሉ ዘጋች። ስልኬ በእጄ ባይኖር ለመግባት የሚያገለግሉ አሥር የመጠባበቂያ ኮዶችም አውጥታ በደብተር ጻፈችልኝ፤ እያንዳንዱ አንድ ጊዜ ብቻ ይሠራል። አንዳንድ ሰው አካውንቱ እንዲመለስለት ለጉግል ጥያቄ ካቀረበ በኋላ ሰዓታት ወይም ቀናት እንዲጠብቅ ይነገረዋል፤ ያን ጊዜ ነው ወደ እነዚህ ሱቆች የሚሮጠው። ጠብቁ።

በነጋታው 400 ብሬን ልጠይቅ ሄድኩ። ልጁ ቀና ብሎ እንኳ ሳያየኝ፣ «እናቴ፣ ሥራው እኮ ተሠርቷል» አለኝ። ካርቶኑ አሁንም በሩ ላይ ተሰቅሏል።