ድምፅ አሰጥቶ ማደም ወይስ ወረዳ በወረዳ? የብሪታንያ ከሰል ቆፋሪዎች በ1972 እና በ1984

ዓመቶቹ እ.ኤ.አ. ናቸው።

ጊዜ። የ1972ቱ የደመወዝ አድማ በጃንዋሪ፣ ብርዱ በጠናበት ወር ተጀመረ። የጉድጓዶችን መዘጋት የተቃወመው የ1984ቱ ግን በማርች፤ ክረምቱ አልፏል፣ መንግሥትም በኃይል ማመንጫዎቹ ከሰል ከምሮ ጠብቋል። ከሁሉ የከፋው ስህተት ይሄ ይመስለኛል፤ ምንም እንኳ አድማውን የቀሰቀሰው የኮርተንውድ (ዮርክሺር) ከሰል ጉድጓድ መዘጋት የተነገረበትን ቀን የመረጡት ሠራተኞቹ ባይሆኑም።

አንድነት። በ1972 አገር አቀፍ ድምፅ ተሰጥቶ ስለነበር ሁሉም ወጣ። ፌብሩዋሪ 10 በበርሚንግሃም የሶልትሊ ኮክ (ከከሰል የሚሠራ ነዳጅ) ማከማቻ በር በአድመኞቹ ሲዘጋ የሌላ ፋብሪካ ሠራተኞችም አብረው ነበሩ። በ1984 አገር አቀፍ ድምፅ አልተሰጠም፤ አድማው ወረዳ በወረዳ ተጠራ። አብዛኛው የኖቲንግሃምሺር ወረዳ ሠራተኛ ሥራውን ቀጠለ፤ በ1985 የራሱን ማኅበር አቋቋመ።

የቤት ወጪ። የመጀመሪያው ሰባት ሳምንት ነው፤ በቁጠባና በዱቤ ይዘለቃል። ሁለተኛው ዓመት ሊሞላ ምንም አልቀረውም። መንግሥት የአድመኞቹ ማኅበር የአድማ አበል ይከፍላል ብሎ ከቤተሰብ ድጎማ በሳምንት 15 ፓውንድ ይቀንስ ነበር፤ ማኅበሩ ግን አይከፍልም። ሴቶች በመንደሩ አዳራሽ የጋራ ምግብ አበሰሉ። ማገዶ ሲያልቅ ሰው ከሰል ሊለቅም ወጣ፤ በኖቬምበር 1984 ጎልድቶርፕ ላይ አፈር ተደርምሶ ሁለት ታዳጊ ወንድማማቾች ሞቱ።

ጥያቄው ደመወዝ ከሆነ ጥቅሙ የሁሉም ነውና ድምፅ ማሰጠት ያዋጣል። ጉድጓድ መዝጋት ሲሆን ግን ሥራው ያልተነካበት ሰው የሌላውን እንጀራ በድምፁ ሊያሳጣው ይችላል፤ ወረዳ በወረዳ መውጣትን የመረጡት የዮርክሺር ሰዎች ሙግትም ይኸው ነበር።