የ«ሂር ራንጃ» ፊልም ሙዚቃ፦ የትኛውን ቅጂ መያዝ ይሻላል?

ከፓኪስታኗ ላሆር የፑንጃቢ ቋንቋ ፊልሞች ሙዚቃ አንድ ብቻ ምረጡ ብትሉኝ፣ የኸዋጃ ኩርሺድ አንዋር «ሂር ራንጃ» (እ.ኤ.አ. 1970) ነው። አቀናባሪው በ1941 ቦምቤይ ውስጥ «ኩርማዪ» በተባለ የፑንጃቢ ፊልም ጀምረው፣ ኋላ ላሆር ላይ «ኢንተዛር»ንና «ኮኤል»ን የመሰሉ የኡርዱ ፊልሞችን አጅበዋል። የሠሯቸው ፊልሞች ብዙ አይደሉም፤ ዜማቸው ግን በራጋ (በአካባቢው ክላሲካል ሙዚቃ የዜማ ስልት) ላይ የቆመ ነው፣ ጥድፊያ የለበትም።

ስትገዙ ተጠንቀቁ። በዚያው ዓመት ህንድም በዚሁ ስም ፊልም አውጥታለች፤ የዚያኛው ሙዚቃ የማዳን ሞሃን ነው። ሽፋኑ ላይ ድምፃዊቷ ኑር ጀሃን፣ ገጣሚው አህመድ ራሂ መሆናቸውን እዩ። ህንዳዊቷ ድምፃዊት ላታ ማንጌሽካር ካለች የህንዱን ይዛችኋል።

«ጃንካር» የሚል ቅጂ ካጋጠማችሁ ተዉት። በዋናው ቀረጻ ላይ የኤሌክትሮኒክ ከበሮና ማስተጋቢያ ስለሚደረብበት ዋሽንቱ ይታፈናል። «ሱን ዋንጅሊ ዲ ሚትሪ ታን» የተሰኘው ዘፈን ደግሞ ያለ ዋሽንቱ ምንም አይደለም፤ ኑር ጀሃን የምትዘፍነው የሂር ፍቅረኛ ስለሆነው ስለ ራንጃ ዋሽንት ነውና። በስልክ ድምፅ ማጉያም አትስሙት፣ የጣብላው (ጥንዱ የእጅ ከበሮ) ወፍራም ድምፅ ይጠፋል። ደህና የጆሮ ማዳመጫ ይበቃል።