ግልጽ የ16 ሚሊሜትር ፊልም፦ በሙዚቃ ምት ለሚስሉ

ያለ ካሜራ፣ በእጅ እየቀቡ ረቂቅ ቅርጽን ከሙዚቃ ጋር ለማስኬድ ለሚፈልጉ ምንም ያልተነሣበት ግልጽ ፊልም ከአኒሜሽን ሶፍትዌር የተሻለ አስተማሪ ነው፤ ምቱ በማስመሪያ ይለካልና። ባለ 100 ጫማው ጥቅል 4000 ፍሬም (ነጠላ የሥዕል ቦታ) አለው። በሰከንድ 24 ፍሬም ሲሄድ 2 ደቂቃ ከ47 ሰከንድ ያህል ይቆያል።

በደቂቃ 120 ምት ያለው ሙዚቃ ለአንድ ምት 12 ፍሬም ይወስዳል፤ 9 ሴንቲሜትር ከምናምን ማለት ነው። 144 ምት 10 ፍሬም፣ 90 ምት 16 ፍሬም። 100 ምት ግን ያስቸግራል፦ 14.4 ይመጣል። 14 ብሎ የቀጠለ ሰው 30 ምት ሲሞላ ሥዕሉ ግማሽ ሰከንድ ቀድሞ ያገኘዋል። 14፣ 15፣ 14፣ 15፣ 14 እያሉ ማፈራረቅ ይሻላል፤ አምስቱ ምት ልክ 72 ፍሬም ይሞላል።

ሁሉንም ምት በቅርጽ መምታት ግን ቶሎ ይሰለቻል። አኒሜሽን ሠሪዎቹ ኖርማን ማክላረንና ኤቭሊን ላምባርት በ1949 ለኦስካር ፒተርሰን ፒያኖ በሠሩት «ቢጎን ዳል ኬር» ፊልም ብዙውን ቦታ የፍሬም ወሰን ሳይጠብቁ በፊልሙ ርዝመት ቀብተዋል። ዝግ ባለው ክፍል ደግሞ ጥቁር ላይ ቀጫጭን መስመሮች ብቻ ይንቀጠቀጣሉ። ዓይን የሚያርፍበት ቦታ ያገኛል።

ድምፁንም መሳል የሚያምረው በአንድ ጎን ብቻ የተበሳውን ይግዛ። ፕሮጀክተሩ ባልተበሳው ጠርዝ ላይ ያለውን ቀለም እንደ ድምፅ ያነበዋል። ማንበቢያው ከሥዕሉ መስኮት 26 ፍሬም ስለሚርቅ አጠገብ ለአጠገብ የተሳለው ድምፅ ከሥዕሉ አንድ ሰከንድ ያህል ዘግይቶ ይሰማል፤ ምልክቱን 26 ፍሬም ወደ ፊልሙ መጀመሪያ ማስጠጋት ግድ ነው።

ድክመቱ የፊልሙ ገጽ ነው። ከፖሊስተር ፕላስቲክ በተሠራ ፊልም ላይ ውሃማ ቀለም ጠብ ጠብ ብሎ ይሰበሰባል እንጂ አይዘረጋም፤ በአልኮል የተሠራ ማርከር ግን ይይዛል። ወፍራም አክሪሊክ ሲጠቀለል ይሰነጠቅና ፍርፋሪው ፕሮጀክተሩ ውስጥ ይቀራል። ፖሊስተር በተለመደው የፊልም ማጣበቂያ ፈሳሽ አይጋጠምም፣ ቴፕ ያስፈልገዋል። ቀለሙ በደንብ ሳይደርቅ አይጠቅልሉት፤ ፕሮጀክተር ላይ ከመጫንዎ በፊትም ስካን ያስደርጉት፣ በታየ ቁጥር ይፋቃልና።