የኒም ዘይት ለጅማ የሳሎን አበቦች፦ የሚችለውና የማይችለው

ጅማ ላይ የኒም ዘይት፣ ማለትም ከኒም ዛፍ ዘር የሚጨመቀው የተባይ መከላከያ፣ «አይሠራም» ተብሎ የሚጣለው አብዛኛውን ጊዜ በረጋበት ስለተቀላቀለ ነው። ዘይቱ ከ20 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ በታች እንደ ቅቤ ይረጋል፤ የከተማዋ ሌሊት ደግሞ ከዚያ በታች ይወርዳል። ጠዋት ከመደርደሪያ አንስተው ቀጥታ ውሃ ላይ ሲያፈሱት ከላይ ይንሳፈፋል፣ መርጫውን ይደፍናል፣ ያረፈበትን ቅጠል ያቃጥላል። በትክክል ከተበጠበጠ ግን ለቤት ውስጥ አበባ ከሁሉ ቀድሞ የሚገዛ ነው።

ጠርሙሱን እንደተከደነ ለ10 ደቂቃ ለብ ያለ ውሃ ውስጥ አቁሞ መነቅነቅ። ለ1 ሊትር ለብ ያለ ውሃ መጀመሪያ ግማሽ የሻይ ማንኪያ የዕቃ ማጠቢያ ፈሳሽ ሳሙና፣ ቀጥሎ አንድ የሻይ ማንኪያ ዘይት፣ ማለትም 5 ሚሊ ሊትር። ወተት ጠብ ያለበት ውሃ ከመሰለ ተዋህዷል። የልብስ ዱቄት ሳሙና አይተካውም፤ የቅጠሉን ሰም ይገፋል። የተረፈውን ለነገ ማቆየት አያዋጣም፣ በሰዓታት ውስጥ ኃይሉ ይደክማል።

የሚረጨው አመሻሽ ላይ፣ ከቅጠሉ ሥር ነው፤ ክሽክሽም ነጭ ዝንብም የሚሰፍሩት እዚያ ነው። በማግስቱ ተባዩ ሲንቀሳቀስ ቢታይ ተስፋ አይቆረጥም፤ ኒም በአንዴ አይገድልም፣ መብላቱንና ማደጉን ነው የሚያስቆመው። እንቁላሉን ብዙም ስለማይነካ በ7 ቀን ልዩነት በድምሩ 3 ጊዜ ካልተረጨ የተፈለፈለው ይተካል። የፈካ አበባ ላይ አይረጭ። እንደ አፍሪካን ቫዮሌት ቅጠሉ ፀጉራም ከሆነ አንድ ቅጠል ላይ ሞክሮ 2 ቀን መጠበቅ ያስፈልጋል።

ቅጠልና ግንድ በሚገናኙበት ብብት ውስጥ የተወተፈ ጥጥ መሳይ ነገር ካለ ሚሊባግ የተባለው ተባይ ነው። የለበሰው ሰም ፈሳሽ ስለሚመልስ ኒም ብቻውን ይሸነፋል። የጆሮ ጥጥ በ70 በመቶ አልኮል ነክሮ አንድ በአንድ መንካት ይቀድማል፤ ነጩ ሲርስ ከሥሩ ለስላሳው ገላ ብቅ ይላል።

ከአፈሩ ብድግ ለሚሉት ጥቃቅን ጥቁር ዝንቦች ግን ይህን ዘይት ቅጠል ላይ መርጨት ብር ማባከን ነው። ትላቸው የሚያድገው እርጥብ አፈር ውስጥ ነው፤ በደንብ ሳይብላላ ማሰሮ ውስጥ የገባ የቡና ገለፈት ደግሞ እርጥበት ይዞ ይቀልባቸዋል። የላይኛው 3 ሴንቲ ሜትር አፈር ሳይደርቅ ውሃ አለመጨመር፣ ለሚበሩት ደግሞ ቢጫ ማጣበቂያ ወረቀት መሰካት ይሻላል።

ሲገዙ ይክፈቱና ያሽትቱት። ቡናማ ቢጫ ሆኖ ነጭ ሽንኩርት ነጭ ሽንኩርት የሚል ጥሩ ነው፤ የጠራና ሽታ የሌለው ከሆነ ዋናው ንጥረ ነገር አዛዲራክቲን ሳይወጣለት አልቀረም። በሃይላንድ ተቀድቶ ያለ ጽሑፍ የሚሸጥን ማንኛውንም የተባይ መድኃኒት ግን አይግዙ። ማላታይንን የመሰለ ለማሳ የተሠራ መርዝ ሕፃን የሚድህበት ሳሎን ውስጥ ፈጽሞ አይረጭም።